ከፍርዱ ጋር መሟገት፦ በዲሲፕሊን ስንብት ላይ ስለሚቀርብ ይግባኝ



አገራችን ይግባኝን የምታውቀው ፍርድ ቤት የሚባል ሕንጻ ሳይሠራ በፊት ነው። የተጠማ ከፈሳሽ፣ የተበደለ ከነጋሽ እንላለን። ባላገሩ በአጥቢያው ዳኛ ፍርድ ቅር ሲሰኝ ስንቁን ቋጥሮ ወደሚቀጥለው ይሄዳል፤ እዚያም ካልረካ የሚቀጥለውን ደጅ ይጠናል፤ የቆረጠለትም ከንጉሡ ዙፋን ችሎት ይደርሳል። እዚያ ሲቆም በደሉን ከሀ ብሎ ያወራል። ማን እንደ በደለው፣ ስንት ዓመት እንደ ተገፋ፣ ልጆቹ ምን ላይ እንዳሉ ሁሉ ይናገራል። ዙፋን ችሎት ከ1966ቱ ለውጥ ጋር አብሮ ቀረ። አመሉ ግን ከእኛ ጋር ቀርቷል። ዛሬም ከሥራው የተሰናበተ ሠራተኛ የይግባኝ ማመልከቻ ሲጽፍ ብዙ ጊዜ የሚጽፈው ለንጉሥ ነው።

እኔ ዛሬ አንድ ነገር ብቻ ላሳምናችሁ ነው የመጣሁት። ይግባኝ ስትሉ ባላጋራችሁ ተለውጧል። በመጀመሪያው ፍርድ ቤት የምትሟገቱት ከአሠሪው ጋር ነበር። በይግባኝ የምትሟገቱት ከተጻፈው ፍርድ ጋር ነው። አለቃው ክፉ መሆኑን ይግባኝ ሰሚው ዳኛ ሊያምናችሁ ይችላል፤ አምኗችሁም ፍርዱን ሊያጸናው ይችላል። የቀረበለት ጥያቄ «የሥር ፍርድ ቤት የቱ ላይ ተሳሳተ?» የሚል ነውና፣ ለእሱ መልስ ካላገኘ ስለ አለቃው ጠባይ የጻፋችሁት አራት ገጽ ከንቱ ድካም ነው።

አሁን መንገዱን ላስቀምጥ። የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ስንብትን ጨምሮ ማናቸውም የዲሲፕሊን እርምጃ የሚያስነሳውን የግል የሥራ ክርክር ለመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት የሥራ ክርክር ችሎት ሰጥቶታል። ችሎቱ ክሱ በቀረበ በ60 ቀን ውስጥ መወሰን አለበት። በውሳኔው ቅር የተሰኘ ወገን በ30 ቀን ውስጥ ይግባኝ ይላል። አዲስ አበባ ከሆናችሁ ከፌዴራል መጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ወደ ፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው፤ በክልል ደግሞ እንደ ክልሉ አደረጃጀት ከታችኛው ወደ ከፍተኛው ነው። ይግባኝ ሰሚው የሚሰጠው ውሳኔ የመጨረሻ ነው። ከዚያ በላይ ያለው ሰበር ነው፤ እሱን ወደ በኋላ አነሣዋለሁ። የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሠራተኞች ጉዳይ በዚህ መንገድ አይሄድም። የራሳቸው አዋጅና የራሳቸው የአስተዳደር ፍርድ ቤት ስላላቸው ዛሬ ወደዚያ አልገባም።

ስለ 30 ቀኑ ትንሽ ልቆይ። በተራ የፍትሐ ብሔር ክርክር የይግባኝ ጊዜው 60 ቀን ነው። ይህንን የለመደ ጠበቃ፣ ይህንን የሰማ ጎረቤት፣ «ገና ነው፣ ጊዜ አለህ» ይላል። በሥራ ክርክር ጊዜ የለህም። ደግሞ የእኛ አቆጣጠር የራሱ ወጥመድ አለው። ውሳኔው ነሐሴ 20 ቀን ተሰጠ እንበል። ሰው ሁሉ በጣቱ ሲቆጥር «እስከ መስከረም 20» ይላል። ጳጉሜን ዘለላት! ከነሐሴ 21 እስከ 30 አሥር ቀን፣ ጳጉሜ አምስት፣ የቀረው አሥራ አምስት ቀን መስከረም 15 ላይ ያልቃል። ጳጉሜ ስድስት በምትሆንበት ዓመት መስከረም 14 ላይ ነው። በመስከረም 18 ማመልከቻ ይዞ የመጣን ሰው ሬጅስትራሩ ሲመልሰው አገር የተደረመሰበት ያህል ይደነግጣል። ክረምት ነው፣ ዳኞች ዕረፍት ናቸው ብሎ መዘናጋትም ያው ነው። መዝገብ ቤቱን በአካል ሄዶ መጠየቅ ይሻላል።

ጊዜው ካለፈ በኋላ ማስፈቀጃ ማቅረብ ይቻላል፤ በቂ ምክንያት ግን ይጠየቃል። ጠበቃዬ ዘገየብኝ፣ ወኪሌ ረሳው ማለት በሥነ ሥርዓት ሕጉ በቂ ምክንያት ተብሎ አይቆጠርም። ለዚህ ነው ፍርዱ በተነበበበት ዕለት የፍርዱን ግልባጭ ጠይቁ፣ የጠየቃችሁበትንም ወረቀት ያዙ የምለው።

ግልባጩ ሲደርሳችሁ ምን ታደርጋላችሁ? ሁላችንም የምናደርገውን አውቃለሁ፤ የመጨረሻውን ገጽ ነው የምንገልጠው። «ክሱ ውድቅ ነው» ወይም «ወደ ሥራ ይመለስ» የሚለውን እንፈልጋለን። ያ «ውሳኔ» ከሚለው ርእስ ሥር ያለው ነው። ለይግባኝ የሚሆነው እህል ግን ከዚያ በፊት፣ «ፍርድ» በሚለው ርእስ ሥር፣ ዳኛው ጭብጥ ይዞ ከሚመረምርበት ቦታ ነው ያለው። ጭብጡ ምን ተብሎ ተያዘ? የቱ ማስረጃ ተጠቀሰ? የቱ ተዘለለ? የአዋጁ የቱ አንቀጽ ተጠራ? እነዚህን በእርሳስ ሳታሰምሩ ብዕር አታንሡ።

ይህ ሁሉ በደረቁ እንዳይሆን አንድ ጉዳይ እንፍጠር። የፈጠርኩት ነው፤ እገሌ ነው ብላችሁ አትድከሙ። አንድ የመለዋወጫ ዕቃ መጋዘን ኃላፊ አለ። የካቲት 3 ቀን ቆጠራ ተደረገና ጉድለት ተገኘ። የቆጠራው ሪፖርት የካቲት 12 ቀን ሥራ አስኪያጁ ጠረጴዛ ላይ ደረሰ። ጉዳዩ ወደ ዲሲፕሊን ኮሚቴ ተመራ፤ ኮሚቴው መጋቢት 20 ቀን የውሳኔ ሐሳቡን አቀረበ። ሚያዝያ 16 ቀን የስንብት ደብዳቤ ወጣ። ደብዳቤው «የድርጅቱን ንብረት ለግል ጥቅም በማዋልህ» ይላል። ሰውየው ከሰሰ። አሠሪው በመልሱ ላይ ቋንቋውን ለወጠ፤ «ወስዶታል ባይባል እንኳ በከባድ ቸልተኝነት ጉዳት አድርሷል» አለ። ሰውየው የመጋዘኑ ቁልፍ ሁለት እንደ ነበር፣ ሁለተኛው በሌላ ሰው እጅ እንደሚያድር ተናግሮ ምስክር ቆጥሯል። ፍርድ ቤቱ የቆጠራው ሰነድ በቂ ነው ብሎ ምስክሩን ሳይሰማ አለፈ። ከዚያም «ከሳሽ በኃላፊነቱ ሥር ያለውን ንብረት ባለመጠበቁ ከባድ ቸልተኝነት ፈጽሟል፤ ስንብቱ ሕጋዊ ነው» ብሎ ወሰነ።

የእኛ ሰው አሁን ይግባኝ ይጽፋል። መጀመሪያ የሚጽፈውን ታውቁታላችሁ፦ ድርጅቱን ለረጅም ዓመታት በቅንነት ማገልገሉን፣ አንድም ቀን ማስጠንቀቂያ እንዳልደረሰው፣ አዲሱ ሥራ አስኪያጅ ከመጣ ወዲህ እንደ ተጠመደ፣ የቤተሰብ ኃላፊ መሆኑን። እውነት ነው፤ ያሳዝናልም። አንዱም ግን ፍርዱን አይነካም።

ፍርዱን የሚነካው ምንድን ነው? በመጀመሪያ ደብዳቤው። አዋጁ በአንቀጽ 27 ንኡስ አንቀጽ 2 ላይ አሠሪው ውሉን ያለ ማስጠንቀቂያ ሲያቋርጥ ምክንያቱንና የሚቋረጥበትን ቀን በጽሑፍ እንዲገልጽ ያስገድደዋል። ይህ ግዴታ ጌጥ አይደለም፤ ሠራተኛው ምን ተብሎ እንደ ተባረረ አውቆ እንዲከላከል ነው። ንብረትን ለግል ጥቅም ማዋል አንድ ጥፋት ነው፤ ሐሳብን፣ ማለትም ያልተገባ ብልጽግና የማግኘት ፍላጎትን ይጠይቃል። በከባድ ቸልተኝነት ጉዳት ማድረስ ሌላ ጥፋት ነው፤ ማስረጃውም ሌላ ነው። በአንዱ አሰናብቶ በሌላው መከራከር ይቻላል ወይ? የእኛ ሰው ይግባኝ «የሥር ፍርድ ቤት በስንብት ደብዳቤው ላይ ባልተጠቀሰ ምክንያት ስንብቱን ሕጋዊ ማለቱ አንቀጽ 27(2)ን የሚቃረን ነው» ብሎ ቢጀምር ዳኛው እርሳሱን ያነሣል።

ቀጥሎ 30 የሥራ ቀኑ አለ። አሠሪው የስንብቱን ምክንያት ካወቀበት ቀን ጀምሮ በ30 የሥራ ቀናት ውስጥ ካልተጠቀመበት መብቱ ቀሪ ይሆናል። ከየካቲት 12 እስከ ሚያዝያ 16 ብትቆጥሩ የበዓሉንና የእሑዱን ቀንሳችሁም 30 የሥራ ቀን በደህና አልፏል። ከመጋቢት 20 ብትነሡ ግን አላለፈም። ስለዚህ ጠቡ ሁሉ «አሠሪው መቼ አወቀ?» በሚለው ላይ ነው፤ ሪፖርቱ ሲደርሰው ወይስ ኮሚቴው አጣርቶ ሲጨርስ? አሠሪዎች ኮሚቴን እንደ ሰዓት ማቆሚያ ሲጠቀሙበት አያለሁ። በሌላ በኩል ደግሞ ሳያጣሩ አሰናበቱ እየተባሉ የሚወቀሱትም እነሱው ናቸው፤ ስለዚህ ክርክሩ በሁለቱም ወገን ክብደት አለው። ቁም ነገሩ ግን ይህ ነው፦ ሠራተኛው ይህን ነጥብ በክሱ ላይ አንሥቶ ፍርድ ቤቱ ዝም ብሎ ካለፈው ጠንካራ የይግባኝ ነጥብ ይዟል። በክሱ ላይ ሳያነሣው ቀርቶ አሁን ካስታወሰው «በሥር ፍርድ ቤት ያልተነሣ ክርክር ነው» የሚል መልስ ይጠብቀዋል። ይግባኝ የሚጻፈው ክሱ በተጻፈበት ጠረጴዛ ላይ ነው የምላችሁ ለዚህ ነው። በማኅበራችሁ ቢሮ ለሠራተኛ ክስ የምትጽፉ ሰዎች እያንዳንዱን ቀን ጻፉ፤ የማይረባ የሚመስለውን ቀን ጭምር።

ሦስተኛው ምስክሩ ነው፤ እኔን ብትጠይቁኝ የዚህ መዝገብ ጉልበቱ እዚህ ነው። ብዙ ሰው ይግባኝ ሲል አዲስ ሰነድ፣ አዲስ ምስክር ይዞ ይመጣል። «ያኔ አላገኘሁትም ነበር፣ አሁን ተገኘልኝ» ይላል። ይግባኝ ለዚያ አልተሠራም። የ1957ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 345 ተጨማሪ ማስረጃ በይግባኝ ደረጃ እንዳይቀርብ በሩን ዘግቶ ጠባብ ቀዳዳ ትቷል። አንደኛው ቀዳዳ የሥር ፍርድ ቤት መቀበል የነበረበትን ማስረጃ አልቀበልም ሲል ነው፤ ሌላው ይግባኝ ሰሚው ራሱ ለፍርዱ ያስፈልገኛል ሲል ነው። የእኛ ሰው ምስክሩን በጊዜው ቆጥሯል፤ ፍርድ ቤቱ ነው ሳይሰማ ያለፈው። ሁለተኛ ቁልፍ በሌላ ሰው እጅ መኖሩ ከተረጋገጠ ጉድለቱ በማን እጅ እንደ ተፈጠረ አጠራጣሪ ይሆናል፤ «ከባድ ቸልተኝነት» የተባለውም መሠረቱ ይነቃነቃል። እንግዲህ «ምስክሬን አልሰሙኝም» ብሎ ማልቀስና «ለያዘው ጭብጥ ወሳኝ የሆነውን፣ በዝርዝር የቆጠርኩትን የሰው ማስረጃ ሳይሰማ ወሰነ» ብሎ መጻፍ በመካከላቸው ብዙ ርቀት አለ።

እነዚህ ሦስት ነጥቦች በአንድ ተኩል ገጽ ያልቃሉ። ማጠር አለባቸው። ይግባኝ የቀረበለት ችሎት መጀመሪያ መልስ ሰጪውን አይጠራም፤ የእናንተን ማመልከቻና የሥሩን ፍርድ አይቶ «ያስቀርባል» ወይም «አያስቀርብም» ይላል። አያስቀርብም ከተባለ መዝገቡ እዚያው ይዘጋል፤ አሠሪው ይግባኝ እንደ ተባለበት እንኳ ሳያውቅ ሊቀር ይችላል። ዳኛው በዚያ ጠዋት ከፊቱ የተከመረውን መዝገብ አስቡት። የእናንተ ጥሩ ነጥብ አምስተኛው ገጽ ላይ፣ ከአገልግሎት ዘመናችሁና ከልጆቻችሁ ቁጥር በኋላ ከተቀመጠ፣ እዚያ ድረስ በተመሳሳይ ትኩረት ይነበባል ብላችሁ አትመኑ።

አሁን ደግሞ ወደ ሌላው ወገን ልሻገር፤ እዚህ የተቀመጡ የሰው ሀብት ኃላፊዎች እስካሁን በትዕግሥት ሰምተውኛል። ሠራተኛው ረትቶ ወደ ሥራ እንዲመለስ ሲወሰን ይግባኝ ባዩ አሠሪው ነው። ይግባኝ ማለት ብቻውን የፍርዱን አፈጻጸም አያግድም። እግድ በማመልከቻ ይጠየቃል፤ ፍርድ ቤቱም አይቶ ይፈቅዳል ወይም ይከለክላል። «ይግባኝ ብለናል፣ በር ላይ አታስገቡት» ብሎ ለጥበቃ መንገር እግድ አይደለም። ያም ሆኖ በተግባር ሠራተኛው ፍርድ በእጁ ይዞ ወራት ሲንከራተት አይተናል፤ አፈጻጸም ራሱን የቻለ ሌላ መዝገብ ነውና።

የመዘግየቱን ዋጋ ማን ይከፍላል ለሚለው ጥያቄ አንቀጽ 43 የራሱ ሒሳብ አለው። ወደ ሥራ የመመለስ ውሳኔ በመጀመሪያ ደረጃ ሲሰጥ ውዝፍ ደመወዙ ከስድስት ወር አይበልጥም፤ ጉዳዩ በይግባኝ ታይቶ ሲጸና ጣሪያው አንድ ዓመት ነው። ስለዚህ ክርክሩ ከዚያ በላይ በተራዘመ ቁጥር የሚጎዳው ሠራተኛው ነው። ሕጉ አሠሪውን ከማያልቅ ዕዳ ለመጠበቅ ጣሪያ ማበጀቱ ይገባኛል። ግን ጣሪያው የክርክሩን መዘግየት ዋጋ ከአሠሪው ትከሻ አውርዶ ደመወዝ በሌለው ሰው ላይ መጫኑን አለመናገር አልችልም። ፍርድ ቤቶች በ60 ቀን እንዲወስኑ የታዘዘበት ምክንያትም ይኸው ነው።

ከዚሁ ጋር የሚረሳ ነገር አለ። ስንብቱ ሕገ ወጥ ነው ተብሎም ፍርድ ቤቱ ሠራተኛውን ላይመልሰው ይችላል፤ ግንኙነቱ ቢቀጥል ከባድ ችግር ያስከትላል ብሎ ካመነ በካሣ ያሰናብተዋል። ጊዜው ላልተወሰነ ውል ካሣው የቀን አማካይ ደመወዝ በ180 ተባዝቶ የማስጠንቀቂያው ጊዜ ክፍያ ይጨመርበታል። ሠራተኛው በዚህ ቅር ተሰኝቶ፣ ግን ተዳክሞ፣ ይግባኙን ተወው እንበል። አሠሪው ካሣው በዛብኝ ብሎ ይግባኝ ቢል ሠራተኛው ተከላካይ ሆኖ ብቻ እንዲቆም አይገደድም፤ መስቀለኛ ይግባኝ አቅርቦ «እንዲያውም መመለስ ነበረብኝ» ማለት ይችላል። ይህን መሣሪያ ማኅበራት ሲጠቀሙበት ብዙም አላየሁም።

ሰበር ላይ ደረስን። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 80 ለፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት የመጨረሻ ውሳኔ ያገኙ፣ መሠረታዊ የሕግ ስሕተት ያለባቸውን ጉዳዮች በሰበር የማየት ሥልጣን ሰጥቶታል። ማመልከቻው በ90 ቀን ውስጥ ይቀርባል። መጀመሪያ ሦስት ዳኞች ያሉት አጣሪ ችሎት ያየዋል፤ እሱ ካሳለፈው አምስት ዳኞች ይሰየማሉ። እዚህ ላይ ሕዝቡ ሰበርን ሦስተኛ የይግባኝ ደረጃ አድርጎ ያየዋል፤ አይደለም። ቁልፉ ሁለት ነበር ወይስ አንድ፣ ምስክሩ ይታመናል ወይስ አይታመንም የሚሉት ሰበር ደጃፍ ላይ የሚቀሩ ጥያቄዎች ናቸው። የመጋዘን ኃላፊያችን ወደ ሰበር ይዞ ሊሄድ የሚችለው የደብዳቤውን ነጥብና የ30 የሥራ ቀኑን ነጥብ ነው፤ ሁለቱ የሕግ ትርጉም ይጠይቃሉና።

የሰበር ጥቅም ደግሞ ከአንድ ሠራተኛ ያልፋል። ከ1997 ዓ.ም. ጀምሮ በአዋጅ ቁጥር 454 የሰበር ችሎት የሚሰጠው የሕግ ትርጉም በየደረጃው ያሉትን ፍርድ ቤቶች ሁሉ ያስገድዳል። አዋጅ ቁጥር 1234/2013ም ቀደም ሲል የተሰጠን ትርጉም ለመለወጥ ከሰባት ያላነሱ ዳኞች እንዲሰየሙ ይጠይቃል። ውሳኔዎቹ ከሃያ በሚበልጡ ቅጾች ታትመው ወጥተዋል፤ በአብዛኞቹ ውስጥ የሥራ ክርክር ክፍል አለ። ስንት ማኅበር ቢሮው ውስጥ አንድ ቅጽ እንዳለው እጃችሁን አውጡ ብዬ አላሳፍራችሁም። ነገር ግን የመጋዘን ኃላፊያችን ይግባኝ ላይ «አሠሪው ያወቀበት ቀን» የሚለውን ቃል ሰበር በየትኛው መዝገብ እንዴት እንደ ፈታው ጠቅሶ መጻፍና እንዲያው በደፈናው መከራከር አንድ አይደለም። የሥሩ ዳኛ አስገዳጅ ትርጉም ጥሶ ከተገኘ ስሕተቱን ለማሳየት አንድ አንቀጽ ይበቃችኋል።

አንድ የማይወደድ ነገር ልጨምር። ይግባኝ የማይባልበት መዝገብም አለ። በስድስት ወር ውስጥ ስምንት ጊዜ አርፍዶ፣ በየጊዜው በጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ተሰጥቶት፣ አንዱንም ሳይቃወም ኪሱ የከተተ ሰው ከስንብቱ በኋላ ወደ እናንተ ይመጣል። ያን ጊዜ «አይዞህ፣ እስከ ሰበር እንሄዳለን» ማለት ቀላል ነው፤ ጭብጨባም ያስገኛል። ማስጠንቀቂያው ሐሰት ከነበረ መቃወም የነበረበት በደረሰው ሳምንት፣ በቅሬታ ሥርዓቱ በኩል ነበር። ደብዳቤ አልቀበልም ማለትም መቃወም አይደለም፤ የስንብት ማስጠንቀቂያን አልቀበልም ላለ ሠራተኛ አሠሪው በሥራ ቦታው ማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ለአሥር ተከታታይ ቀን ለጥፎት ግዴታውን ይወጣል። ተቀበሉ፤ ከፊርማችሁ አጠገብ «በይዘቱ አልስማማም» ብላችሁ ጻፉ፤ በማግስቱ ቅሬታችሁን በጽሑፍ አስገቡ። ያ ወረቀት ከዓመት በኋላ ይግባኝ ሰሚው ፊት ይቀርባል።

ወደ ጥያቄ ከመግባታችን በፊት የሻይ ዕረፍት አለ። የፍርድ ግልባጭ ይዛችሁ የመጣችሁ ካላችሁ የባለጉዳዩን ስም በወረቀት ሸፍናችሁ መድረኩ ላይ አስቀምጡልኝ፤ ስንመለስ ከ«ፍርድ» ከሚለው ርእስ ጀምረን አብረን እናነበዋለን።